የድራጎን ቦል፣ የዶራኤሞንና የካሜን ራይደር ሙዚቃ የአንድ ሰው ስራ ነው እንዴ?

ማታ_ተመልካች፦

ሰላም ሰዎች፣ አንድ ነገር ልጠይቅ። ሰሞኑን የጃፓኑን ካርቱን ድራጎን ቦል ዜድን ከመጀመሪያው ጀምሬ በጃፓንኛው ድምፅ እያየሁ ነው፣ ስም ዝርዝሩ ላይ ሙዚቃ የሚለው ጋ ሹንሱኬ ኪኩቺ ይላል፣ እሺ አልኩና አለፍኩት። ከዛ የድሮውን የልጆች ካርቱን ዶራኤሞን ስከፍት ያው ስም። ከዛ ደሞ የ1971ዱን የልዕለ ጀግና ድራማ ካሜን ራይደር፣ አሁንም ያው ስም! ሞክሼ ይሆናል እንዳልል ሶስት ሞክሼ የሙዚቃ ደራሲ ከየት ይመጣል። የምር አንድ ሰው ነው? ከሆነስ እንዴት ነው የቻለው፣ በየሳምንቱ ለሚወጣ ፕሮግራም በየሳምንቱ አዲስ ሙዚቃ ሲፅፍ ነበር ማለት ነው? ደሞ ይሄን ሁሉ የሰራ ሰው ከሆነ የጃፓን ፊልም ሙዚቃ ሲነሳ ለምንድነው ሰው ሁሉ ሂሳይሺ ሂሳይሺ፣ ሳካሞቶ ሳካሞቶ ብቻ ሚለው? ምታቁ ካላችሁ ንገሩኝ፣ ረጅም ቢሆንም አነባለሁ።

የቆየ_ካሴት፦

አንድ ሰው ነው፣ ሞክሼ የለም። ኪኩቺ በ1931 አኦሞሪ ውስጥ ሂሮሳኪ በምትባል ከተማ ተወለደ፣ ከዋናው የጃፓን ደሴት ወደ ሰሜኑ ጫፍ ማለት ነው። ኒሆን ዩኒቨርሲቲ የኪነጥበብ ኮሌጅ ተምሮ በ1961 ለፊልም መፃፍ ጀመረ፣ ከጀመረ ወዲህ ደሞ እስከ እርጅናው ድረስ እጁ አልተፈታም።

ስራዎቹን ደርድረህ ስታያቸው አንድ ነገር ይገባሃል፣ አብዛኞቹ የገቡት በአንድ በር ነው፣ እሱም ቶኤይ። ቶኤይ በ60ዎቹ ፊልም ቶሎ ቶሎ የሚያወጣ ስቱዲዮ ነበር፣ የያኩዛ (የጃፓን ወንበዴዎች) ፊልም፣ የሰይፍ ፊልም፣ አንዱ ሲያልቅ ቀጣዩ ይጀመራል። ኪኩቺ እዛ ነው እጁን ያፍታታው፣ ተዋናዩ ኬን ታካኩራ የሚሰራባቸው ሾዋ ዛንክዮ ደን የሚባሉት የያኩዛ ፊልሞች ላይ ሙዚቃው የሱ ነው። ከዛ ቴሌቪዥን በየቤቱ ገባ፣ ሲኒማ ቤት የሚሄደው ሰው እያነሰ መጣ፣ ቶኤይም ለቲቪ ማምረቱን አጠናከረ፣ የካርቱን ስቱዲዮም ስለነበረው ድራማውም ካርቱኑም ከአንድ ቤት ይወጣል። ስቱዲዮው ወደ ቲቪ ሲዞር ደሞ ቀነ ገደብ የሚያከብሩለትን፣ የሚያቃቸውን ሰዎች ይዞ ነው የዞረው። ኪኩቺ ከነዛ አንዱ ነው።

ከዛ በቃ ተከታተለ። በ1968 ኪ ሀንተር የሚባለው የሰላዮች ድራማ፣ በ1969 ታይገር ማስክ፣ በ1971 ካሜን ራይደር፣ በ1974 ጌተር ሮቦ፣ በ1975 የሮቦት ካርቱኑ ግሬንዳይዘርና የፖሊስ ድራማው ጂ-ሜን 75 በአንድ አመት፣ በ1978 አባረንቦ ሾጉን፣ በ1981 ዶክተር ስላምፕ፣ በ1986 ድራጎን ቦል። ሁሉም ቶኤይ ነው። ከቶኤይ ውጪም ሰርቷል፣ በ1969 ለዳይኤይ ስቱዲዮ የጋሜራ ፊልም፣ ማለትም ያ በራሪው ግዙፍ ኤሊ፣ እና በ1979 የጀመረው ዶራኤሞንም የቶኤይ አይደለም።

አሁን 1979 ላይ ቆም በልና አስበው። ጂ-ሜን 75 ገና እየታየ ነው፣ ፖሊሶች ተደርድረው የአውሮፕላን ማረፊያ አስፋልት ላይ እየተራመዱ የሚመጡበት መግቢያ ያለው። አባረንቦ ሾጉንም እየታየ ነው፣ ገዥው ራሱን ደብቆ ከተማ ውስጥ ሚዞርበት። በዛው አመት ላይ ሰማያዊው ሮቦት ድመት ዶራኤሞን መጣ። የሶስቱም ሙዚቃ ከአንድ ጠረጴዛ ነው የወጣው።

ሚክሰር_ላይ፦

በየሳምንቱ ይፅፍ ነበር ወይ ላልከው፣ አይፅፍም። እኔ ድምፅ ስራ ላይ ስላለሁ ይሄን ልመልስ፣ ምክንያቱም ብዙ ሰው እንደ ፊልም ነው የሚመስለው።

ፊልም ሲሆን ደራሲው ምስሉን አይቶ፣ ሰከንድ ቆጥሮ ነው የሚፅፈው፣ በሩ ሲከፈት እዚህ ጋ፣ እንባዋ ሲወርድ እዚህ ጋ እያለ። የጃፓን ቲቪ ካርቱንና የልዕለ ጀግና ድራማ ግን የሚሰራው በሌላ መንገድ ነው። ገና ምስሉ ሳያልቅ፣ አንዳንዴም የመጀመሪያው ክፍል እንኳ ሳይጠናቀቅ፣ የድምፅ ክፍሉ ለደራሲው ዝርዝር ይሰጠዋል። ዝርዝሩ ላይ ቁጥርና ስሜት ነው ያለው፣ ኤም 1፣ ኤም 2 እየተባለ፣ አንዱ "ጠላት ቀረበ"፣ አንዱ "ውጊያ፣ እኛ እየተሸነፍን"፣ አንዱ "ውጊያ፣ አሁን ተነሳን"፣ አንዱ "ሰላማዊ ጠዋት"፣ አንዱ "ሀዘን"፣ ከዛ ደሞ ከትዕይንት ወደ ትዕይንት መሻገሪያ የምትሆን የአምስት ሰከንድ ቁራጭ። ደራሲው ይሄን ሁሉ ፅፎ ሙዚቀኞቹን ስቱዲዮ ሰብስቦ በአንዴ ያስቀዳል። ከዛ በኋላ ስራው የሙዚቃ መራጩ ነው፣ በየሳምንቱ ቴፑን ይዞ የትኛው ቁራጭ የት እንደሚገባ እየቆረጠ የሚቀጥለው እሱ ነው። የተቀዳው ክምችት ሲያረጅ ወይ ታሪኩ ሲቀየር ተጨማሪ ይቀዳል፣ በቃ።

ስለዚህ ፈተናው የት ጋ እንደሆነ አያችሁ? የምትፅፈው ሙዚቃ የት እንደሚገባ አታቅም። ከየት እንደሚቆረጥም አታቅም፣ መራጩ አስራ ሁለት ሰከንድ ብቻ ከፈለገ አስራ ሁለት ሰከንድ ይወስዳል። በቀስታ ተነስቶ ሁለት ደቂቃ ላይ የሚያብብ ቆንጆ ነገር ብትፅፍለት ማበቡ ሳይሰማ ትዕይንቱ ያልቃል። የኪኩቺን ቁራጮች ስትሰማቸው ግን ከመጀመሪያዋ ምት ላይ ነገሩ ተነግሯል፣ ብራሱ (እነ ትራምፔት) ቷ ሲል አደጋ እንደሆነ ገብቶሃል፣ ሜሎዲው ደሞ አጭርና ደንዳና ስለሆነ የትም ብትቆርጠው የተበላሸ አይመስልም። እኔ ይሄንን እንደ ትልቅ ችሎታ ነው ምቆጥረው፣ ከፊልም ሙዚቃ ያነሰ አይደለም፣ ሌላ ሙያ ነው።

ደሞ ድራጎን ቦል ላይ አንድ ዘዴ ነበር፣ ለሲኒማ የሚወጡት የድራጎን ቦል ዜድ ፊልሞችም ሙዚቃቸው የሱ ስለሆነ፣ ለፊልሙ ተብሎ የተቀዳውን ወስደው ለቲቪው ክፍሎች ይጠቀሙበታል። የድሮው የድራጎን ቦል ቅጂም ዜድ ውስጥ ይመጣል። ድራጎን ቦል 153 ክፍል፣ ዜድ 291 ክፍል፣ ያ ሁሉ በዚህ አይነት ነው የተሞላው።

ጎኩ_አይደለሁም፦

እሺ ክብር ለሰውየው ግን እውነቱን እናውራ፣ ሁሉም አንድ አይነት ነው 😅 ትራምፔት፣ ከበሮ፣ ትራምፔት። ክፉው ፍሪዛ መጣ ያው፣ ክፉው ሴል መጣ ያው። እኔ ዜድን ወደ እንግሊዝኛ በተመለሰው ድምፅ ነው ያየሁት፣ እዛ ላይ ያለው የሲንተሳይዘርና የኤሌክትሪክ ጊታር ሙዚቃ ለኔ ይበልጣል፣ እያንዳንዱ ገፀ ባህሪ የራሱ ሙዚቃ አለው። የጃፓንኛውን ስከፍት የ70ዎቹ የፖሊስ ድራማ ነው የመሰለኝ።

ሚክሰር_ላይ፦

@ጎኩ_አይደለሁም የ70ዎቹ የፖሊስ ድራማ የመሰለህ የ70ዎቹን የፖሊስ ድራማ የሰራው ሰውዬ ስለሆነ ነው 😂

አንተ የሰማኸው የአሜሪካኑ ስሪት ነው፣ እነ ብሩስ ፎልኮነር የኪኩቺን አውጥተው በአዲስ የተኩት፣ የጃፓን ተመልካች ሰምቶት አያውቅም። ጣዕም ነው አልከራከርህም። ግን አንድ ልዩነት አለ፣ የአሜሪካኑ ከዳር እስከ ዳር ሙዚቃ ነው፣ ፋታ የለውም። በኪኩቺው ስሪት ሁለቱ ተፋጠው ሲቆሙ ንፋስ ብቻ የሚሰማበት ረጅም ዝምታ አለ፣ ከዛ ነው ብራሱ የሚወርደው። ዝምታውን የመረጠው መራጩ ነው እርግጥ፣ ቢሆንም ከዛ ዝምታ በኋላ ብቻውን ገብቶ ትዕይንቱን የሚሸከም ሙዚቃ ባይኖረው መራጩም አይደፍርም ነበር።

ሀና_ስኮር፦

አንድ አይነት ነው ለሚለው እኔ ልግባ። ታይገር ማስክን ሰምተሃል? የ1969 ካርቱን ነው፣ ስለ ነፃ ትግል ተጋዳይ፣ በወላጅ አልባ ህፃናት ማሳደጊያ ያደገ ልጅ ነው፣ ጭምብል አድርጎ ይታገላል፣ ያሸነፈውን ገንዘብ ለማሳደጊያው ልጆች ይሰጣል። መግቢያው ዘፈን ሰልፍ ነው፣ የህዝብ ጩኸት፣ የሪንግ ደወል፣ ብራስ፣ ተነስተህ መሮጥ ያምርሃል። ክፍሉ ሲያልቅ ደሞ የመዝጊያው ዘፈን ይመጣል፣ የወላጅ አልባ ልጅ እንጉርጉሮ ነው፣ ቀስ ያለ፣ ብቸኛ፣ ለልጆች ካርቱን ይሄን ማን ፈቀደ እስክትል ድረስ። ሁለቱንም የፃፈው ኪኩቺ ነው። ያን ልጅ ጭምብሉን ሲያደርግና ሲያወልቅ ያየኸው ያህል ነው፣ እና ይሄን የነገረህ ታሪኩ ሳይሆን ሙዚቃው ነው።

የሀዘን እጁን ለማየት ደሞ የ1972ቱን የሴት እስረኛ ስኮርፒዮን ፊልም አስቡ፣ ሜይኮ ካጂ የተወነችበት። ኡራሚ ቡሺ የሚለውን ዘፈን ራሷ ካጂ ነች የዘፈነችው፣ ግጥሙ የዳይሬክተሩ የሹንያ ኢቶ፣ ዜማው የኪኩቺ። ከሰላሳ አመት በኋላ የአሜሪካው ዳይሬክተር ታራንቲኖ ለኪል ቢል ፊልሙ ወሰደው፣ አለም በሙሉ ሰማው። ስንቱ ሰው ነው ያንን ዘፈን የሰራውና የዶራኤሞንን መግቢያ የሰራው አንድ ሰው መሆኑን ሚያቀው? አንዷ በቢላ እየተበቀለች፣ አንዱ ከኪሱ ሄሊኮፕተር እያወጣ 😭

አንድ ነገር ግን ለማስተካከል፣ የድራጎን ቦል መግቢያ ዘፈኖች የሱ አይደሉም። የመጀመሪያው ድራጎን ቦል መግቢያ የታኬሺ ኢኬ ነው፣ የዜድ መግቢያ ቻላ ሄድ ቻላ ደሞ የቺሆ ኪዮኦካ። ድሮ፣ በካሜን ራይደር ጊዜ፣ የውስጡን ሙዚቃ የሚሰራው ሰው መግቢያውንም ይሰራ ነበር፣ ለዛ ነው የመግቢያው ዜማ ውጊያ መሃል ተቀይሮ ሲመጣ ሰውነትህን የሚወርህ፣ ከአንድ እጅ ስለወጣ። ካሜን ራይደር ላይ እንዲያውም በመጀመሪያ ዘፈኑን የዘፈነው መሪ ተዋናዩ ሂሮሺ ፉጂኦካ ራሱ ነው። ዶክተር ስላምፕም ላይ በ1981 መግቢያው የኪኩቺ ነው። ድራጎን ቦል ላይ ሲደርስ ግን ዘፈኑ ለሌላ ሰው፣ የውስጡ ለሱ ሆነ። እኔ በበኩሌ ኪሳራ ነው እላለሁ።

የቆየ_ካሴት፦

ሀና ስለ መግቢያና የውስጥ ሙዚቃ ያነሳችውን በደንብ ሚያሳየው አባረንቦ ሾጉን ነው። ታሪኩ በየክፍሉ ያው ነው፣ ሾጉን ዮሺሙኔ ተራ ሰው መስሎ ከተማ ውስጥ ይኖራል፣ ሌባ ባለስልጣን ይደርስበታል፣ ማታ ግቢው ይገባል፣ ፊቴን ረሳኸው ወይ ይለዋል። ሰውየው ይደነግጣል፣ ይንበረከካል፣ ከዛ ተስፋ ቆርጦ ግደሉት ይላል። እዚህ ጋ ተመልከቱ፣ ዮሺሙኔ ሰይፉን ይመዛል፣ ከዛ ስለቱን አዙሮ በማይቆርጠው በሰይፉ ጀርባ ለመምታት ይይዘዋል። ሰይፉ ሲዞር ቻክ የሚል ድምፅ፣ እና ሙዚቃው ይገባል። ተመልካቹ አርባ ደቂቃ ሙሉ የጠበቀው እቺን ሰከንድ ነው። ፈረስ የሚጋልብ የሚመስል ሪትም፣ ከላዩ ብራስ። እስከዛሬ ጃፓን ውስጥ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች ቤዝቦል ሲጫወቱ የትምህርት ቤቱ ባንድ ከመቀመጫው ላይ ሆኖ ይሄን ሙዚቃ ይነፋዋል፣ ተከታታዩን ተቀምጠው አይተው የማያውቁ ልጆች ናቸው።

አሁን ለምን እንደ ሂሳይሺ አልታወቀም ወደሚለው። ሂሳይሺም እኮ የጀመረው በቲቪ ካርቱን ነው፣ በ1974። የቀየረው የዳይሬክተር ሚያዛኪ ካርቱን ፊልም ናውሲካ ነው። እዛ ላይ ፊልሙ በ1984 ከመውጣቱ በፊት በ1983 ገና የፊልሙን መንፈስ ብቻ ይዞ ሙሉ አልበም አወጣ፣ ማለትም ሙዚቃው ከመጀመሪያውም በራሱ እግር የቆመ እቃ ነበር፣ ከዛ ከሚያዛኪ ስም ጋር ተጣምሮ ሄደ፣ ከዛ ኮንሰርት፣ ኦርኬስትራ፣ ራሱ መድረክ ላይ ይመራል። ሳካሞቶ ደሞ ፊልም ሲነካ ቀድሞውንም ኮከብ ነበር፣ የ1983ቱ መሪ ክሪስማስ ሚስተር ሎውረንስ የሚባለው ፊልም ላይ እንዲያውም ራሱም ተውኗል፣ ከዛ ኦስካር መጣ። የኪኩቺ ሙዚቃ የሚሸጠው ግን በጀግናው ፊት ነው። የሸክላው ሽፋን ላይ ካሜን ራይደር ነው ያለው፣ ግሬንዳይዘር ነው ያለው። ግሬንዳይዘር በ1978 ፈረንሳይ ጎልዶራክ ተብሎ ሲታይ ልጆቹ አበዱ፣ የአረብ አገር ልጆችም እንደዛው፣ ሮቦቱን ሁሉም ያቀዋል፣ ከኋላው ያለውን ሙዚቃ ማን እንደፃፈው የጠየቀ ግን ጥቂት ነው።

ጎኩ_አይደለሁም፦

የሾጉኑን ነገር አሁን ፈልጌ አየሁት። ሰይፉ ሲዞር... እሺ፣ እሱስ አሪፍ ነው። ግን ፍሪዛ ላይ አልስማማም፣ አሁንም ጊታሩ ይሻለኛል 😂

ሚክሰር_ላይ፦

@ጎኩ_አይደለሁም አንድ ነገር ብቻ ጨምሬ ልተውህ። ድራጎን ቦል ካይ በ2009 ሲጀምር፣ ማለትም ዜድን አሳጥረው እንደገና ሲያወጡት፣ አዲስ ሙዚቃ በሌላ ሰው አሰሩለት። በ2011 ማርች ላይ ያ ሙዚቃ የሌሎችን ስራ ይመስላል የሚል ክስ ተነሳና ቶኤይ አወጣው። ተከታታዩ ሊያልቅ ጥቂት ሳምንት ቀርቶታል፣ አዲስ ለማስፃፍ ጊዜ የለም። ምን አደረጉ? የኪኩቺን የድሮ ቅጂ አውጥተው ገጠሙት። ሃያ አመት ያለፈው ቴፕ፣ ለሌላ አቆራረጥ ተብሎ የተሰራ፣ እና ተገጠመ፣ ሰራ። መጀመሪያ ያልኩት ይሄን ነው፣ የትም ቢቆረጥ የትም ቢገባ ቃሉን የሚጠብቅ ሙዚቃ።

ማታ_ተመልካች፦

እረ ጉድ ነው፣ ይሄን ሁሉ አልጠበኩም፣ አመሰግናለሁ ሁላችሁንም። ሁለት ነገር ብቻ፣ ሰውየው አሁን በህይወት አለ ወይ? ደሞ ከድራጎን ቦል ውጪ ጀማሪ ሰው ከየት ቢጀምር ይሻላል?

የቆየ_ካሴት፦

የለም፣ አፕሪል 24 ቀን 2021 ቶኪዮ ውስጥ በሳንባ ምች አረፈ፣ 89 አመቱ ነበር። ከዛ በፊት በ2017 በህመም ምክንያት ስራ ማቆሙ ተነግሮ ነበር። በ2015 የጃፓን ሪከርድ ሽልማት ላይ ለዘመን ስራው እውቅና ሰጥተውታል፣ ዘግይቶም ቢሆን። ዶራኤሞንን ሳይለቅ እስከ 2005 ይዞ ቆይቷል፣ ከ1979 ጀምሮ ቁጠረው። ድምፅ ሰጪዎቹ ሁሉ ሲቀየሩ ነው ሙዚቃውም ወደ ካን ሳዋዳ የሄደው።

ለመጀመር እኔ ብሆን ኪ ሀንተርን ነው ምልህ፣ መግቢያው ላይ ጃዝ ይሸታል፣ መዝጊያውን የዘፈነችው ተዋናይዋ ዮኮ ኖጊዋ ነች፣ ሰውየው ካርቱን ውስጥ ከመግባቱ በፊት ምን ይችል እንደነበር እዛ ላይ ይሰማል።

ሀና_ስኮር፦

አይ አይ፣ ከታይገር ማስክ ይጀምር፣ መግቢያና መዝጊያውን አከታትሎ፣ አምስት ደቂቃ አይፈጅም። ከዛ ግሬንዳይዘር፣ ኢሳኦ ሳሳኪ የዘፈነውን። ኪ ሀንተር ሶስተኛ ይሁን። ደሞ ማዚንጋ ዜድ የሚባለውን ሌላ የሮቦት ካርቱን የኪኩቺ ነው ብሎ ሚለጥፍ ቪዲዮ ካጋጠመህ አትመነው፣ እሱ የሚቺያኪ ዋታናቤ ነው፣ ሁለቱን ሁሌ ያምታቷቸዋል።

ማታ_ተመልካች፦

እሺ ታይገር ማስክን ከፍቻለሁ፣ የሪንጉ ደወል ተደወለ። የማዚንጋውን ሰውዬ ደሞ ሌላ ጥያቄ ከፍቼ እመጣለሁ።